ፍሎፒው፣ ፊደሉና የቱርሚ ምስክርነት፦ ያረጀ ኦፐሬቲንግ ሲስተምን በቨርቹዋል ማሽን ማስነሣት ለታሪክ ጥናት ያለው ፋይዳ

(በቱርሚ ከተማ ለመስክ ትምህርት ለተሰበሰቡ ተማሪዎችና መምህራን የቀረበ ሕዝባዊ ንግግር፤ ከድምፅ ቅጂ ተገልብጦ በተናጋሪው የታረመ)



ዛሬ የምናገረው ስለ አንድ ቁጥር ነው። ቁጥሩ ሰባት ነው፤ በግዕዝ አኃዝ ሲጻፍ ፯ ይሆናል። ይህ ቁጥር በ1992 ዓ.ም. እዚሁ ቱርሚ፣ ከካስኬ ወንዝ ብዙም በማይርቅ የግራር ጥላ ሥር ከአንድ ሽማግሌ አንደበት ወጣ። እኔም በደብተሬ ጻፍሁት፤ ከዚያም በኮምፒውተር ተየብሁት፤ ከዘጠኝ ዓመት በኋላ ደግሞ በገዛ እጄ አጠፋሁት። ያጠፋሁት መሆኔን ያወቅሁት ባለፈው ዓመት ነው። ያሳወቀኝም ዛሬ ማንም የማይሠራበት ዊንዶውስ 98 የተባለ ኦፐሬቲንግ ሲስተም ነው።

የታሪክ መምህር ስለ ኮምፒውተር ምን አገባው የሚል ጥያቄ በልባችሁ ያለ ትኖሩ ይሆናል። መልሴ አጭር ነው። የብራና ጽሑፍ የሚያጠና ሰው ስለ ቆዳው፣ ስለ ቀለሙና ስለ ጥራዙ ማወቅ ግዴታው ከሆነ፣ ያለፉትን 35 ዓመታት የሚያጠና ሰውም ቃሉ ስለተጻፈበት ማሽን ማወቅ ግዴታው ነው።

ምስክርነቱ እንዴት ተጻፈ

በዚያ ዘመን የሁለተኛ ዲግሪ ተማሪ ነበርሁ። ከጂንካ ተነሥቼ በቀይ አፈርና በዲመካ በኩል ወደዚህ የመጣሁት የሐመር ሽማግሌዎች በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ የአፄ ምኒልክ ሠራዊት አካባቢውን ከመያዙ በፊት ስለነበረው ዘመን የሚያስታውሱትን ለመሰብሰብ ነበር። ከእኔ በፊት መንገዱን የጠረጉ አጥኚዎች ነበሩ። ኢቮ ሽትሬከርና ጂን ላይዳል በ1970ዎቹ እ.ኤ.አ. ከሐመር ጋር ኖረው እ.ኤ.አ. በ1979 ያሳተሟቸው ጥራዞች ለማንኛችንም መነሻ ናቸው። ከእነዚህ አንዱ ባልዳምቤ የተባሉት የሐመር ሰው ስለ ሕዝባቸው በራሳቸው አንደበት የተናገሩትን የያዘ ነው። እኔም በትንሹ ይህንኑ ለማድረግ፣ ማለትም ሰዎቹ ራሳቸው ያሉትን እንዳሉት ለመጻፍ ነበር ምኞቴ።

ሽማግሌው የቡና ገለፈቱን በቅል አስቀርበው ካስተናገዱኝ በኋላ፣ ቅድመ አያቶቻቸው ወደዚህ ውኃ ከመጡ ወዲህ ስንት ትውልድ እንዳለፈ በአስተርጓሚዬ በኩል ጠየቅኋቸው። በስም አልዘረዘሩልኝም። የመጀመሪያውን ሰው ስም ጠሩ፤ ከዚያ ጠጠር አንሥተው አንድ በአንድ መሬት ላይ ደረደሩ። ሰባት ጠጠር ሆነ።

ንግግሩን በካሴት ቀድቼ ነበር። ነገር ግን ካሴት መግዣ ገንዘብ ስላጠረኝ፣ ገልብጨ ከጨረስሁ በኋላ በካሴቶቹ ላይ ሌላ ንግግር ቀዳሁባቸው። ደብተሮቹን ደግሞ ከጥቂት ዓመታት በኋላ ምስጥ በላቸው። የቀረው ጂንካ ተከራይቼ በነበረበት ክፍል መብራት ባለበት ሰዓት በላፕቶፕ የተየብሁት ጽሑፍ ብቻ ነው። እሱም በ11 ፍሎፒ ዲስኮች ላይ ሰፍሮ ነበር። አንዱ ፍሎፒ 1.44 ሜጋባይት ይይዛል፤ ዛሬ በስልካችሁ የምታነሡትን አንድ ፎቶግራፍ እንኳ ለመያዝ አይበቃም።

ያ ዘመን ፊደላችንን እንዴት ይጽፍ ነበር

እዚህ ላይ ወጣቶቹ የማታውቁትን አንድ የታሪክ ምዕራፍ መግለጽ አለብኝ። ዛሬ በስልካችሁ «ሀ» ስትጽፉ፣ ያ ፊደል በዓለም ላይ ባለ ኮምፒውተር ሁሉ ውስጥ «ሀ» ሆኖ የሚታወቅበት የራሱ መለያ ቁጥር አለው። ይህ ዩኒኮድ የሚባለው ሥርዓት ነው። የግዕዝ ፊደል በዩኒኮድ የተካተተው እ.ኤ.አ. በ1999 በወጣው ሦስተኛው እትም ሲሆን፣ በጊዜው 345 ምልክቶች ተመዝግበውለታል። ይህ እንዲሆን ብዙ ኢትዮጵያውያን ደክመዋል። ዶክተር አበራ ሞላ፣ አቶ ፍሥሐ አጥላው፣ ዳንኤል ያዕቆብ፣ ይትና ፍርድይወቅ እና ሌሎችም ከ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. ጀምሮ በውጭ አገር ሆነው የግዕዝን ፊደል ወደ ኮምፒውተር ለማስገባት ሠርተዋል።

ይሁን እንጂ መስፈርት መውጣቱና መስፈርቱ በጠረጴዛችን ላይ መድረሱ የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ዊንዶውስ ያለ ተጨማሪ ፕሮግራም አማርኛ ማሳየትና መጻፍ የቻለው ናያላ የተባለውን ፎንት ይዞ በመጣው በቪስታ ነው፤ ይህም ለገበያ የቀረበው በጥር 1999 ዓ.ም. ነበር። ቁጥሩ ያሳስታል፤ እ.ኤ.አ. በ1999 የተወሰነው፣ በእኛ አቆጣጠር 1999 ላይ ደረሰን። በመካከሉ ያለው ከሰባት ዓመት በላይ ነው። በእነዚያ ዓመታትና ከዚያ በፊት በነበሩት አሥር ዓመታት መሥሪያ ቤቶች፣ ጋዜጦች፣ ማተሚያ ቤቶችና ተማሪዎች የጻፉት አማርኛ በአብዛኛው የተጻፈው በሌላ መንገድ ነበር።

መንገዱ የሚከተለው ነው። የዚያ ዘመን ፎንት ሊይዝ የሚችለው 256 ቦታዎችን ነበር፤ ከእነዚህም የመጀመሪያዎቹ 32 ለማሽኑ የሥራ ትእዛዝ የተያዙ ናቸው። የእኛ ፊደል ደግሞ 33ቱ በሰባት ሲባዙ 231 ይሆናሉ። ዲቃሎቹ፣ 20ዎቹ አኃዞችና ሥርዓተ ነጥቦቹ ሲጨመሩ በአንድ ፎንት አይገቡም። ስለዚህ አዘጋጆቹ ፊደሉን ለሁለት ወይም ከዚያ በላይ ፎንቶች ከፈሉት፤ ሌሎች ደግሞ የፊደሉን እጅና እግር ለይተው በማስቀመጥ በላዩ ላይ የሚደረቡ አደረጓቸው። በሁሉም ዘንድ አንድ ነገር የጋራ ነበር። ኮምፒውተሩ የሚያስቀምጠው የላቲን ፊደልና ምልክት መለያዎችን ነው፤ «መ» ወይም «ሰ» ሆኖ የሚታየው ፎንቱ ያንን የላቲን መለያ በግዕዝ ቅርጽ ስለሚያለብሰው ብቻ ነው። ፎንቱ ሲነሣ ልብሱ ይወልቃል፤ የሚቀረው ትርጉም የለሽ የላቲን ዝርክርክ ነው። በዚያ ላይ የአንዱ ድርጅት ፎንት «መ» ያለውን መለያ የሌላው ድርጅት ፎንት «ቀ» ይለው ነበር።

እንግዲህ በዚያ ዘመን የተጻፈ የአማርኛ ፋይል በራሱ ሙሉ ጽሑፍ አልነበረም ማለት ነው። ጽሑፍ የሚሆነው ፋይሉ፣ ፎንቱ፣ ጽሑፉን ያዘጋጀው ፕሮግራምና ኦፐሬቲንግ ሲስተሙ በአንድነት ሲገኙ ነው። ከአራቱ አንዱ ሲጎድል ምስክሩ ድዳ ይሆናል።

ቁጥሩ እንዴት ጠፋ

በ2001 ዓ.ም. የዶክትሬት ጥናቴን ስጽፍ ፋይሎቹን ወደ ዩኒኮድ ማዛወር ነበረብኝ። በመለወጫ ፕሮግራም አለፍኋቸው። ጽሑፉ በአብዛኛው ደኅና ሆኖ ወጣ። አልፎ አልፎ ግን እንግዳ ምልክቶች ገብተውበት ነበር፤ እኔም እንደ ጉድፍ ቆጥሬ ሰረዝኋቸው። «ከዚያ ሰው ወዲህ … ትውልድ አልፏል» በሚለው ዐረፍተ ነገር ውስጥ የነበረውን ምልክትም እንዲሁ ሰርዤ፣ ዐረፍተ ነገሩ እንዳይጎድል «ብዙ» የሚል ቃል አስገባሁበት። በልቤ ሽማግሌው እንደዚያ ያሉ መስሎኝ ነበር።

የሆነው ግልጽ ነው። አኃዞቹ የሚገኙት በሁለተኛው ፎንት ውስጥ ነበር። መለወጫው የሚያውቀው የመጀመሪያውን ብቻ ስለሆነ ፯ን እንደ ባዕድ ምልክት ተፋው። የብራና ተመራማሪዎች ቋንቋውን የማያውቅ ገልባጭ የሚፈጥረውን ስሕተት ጠንቅቀው ያውቃሉ። መለወጫ ፕሮግራምም እንደዚያው ገልባጭ ነው፤ ልዩነቱ ፈጣን መሆኑና ድካም አለማወቁ ነው። እኔ ግን ከገልባጩ የባሰ አደረግሁ፤ የጎደለውን በግምት ሞላሁ።

«ብዙ ትውልድ» የሚለው ቃል በጥናቴ ታተመ። የራሴ ተማሪዎችም ጠቀሱት። ባለፈው ዓመት ወደ ቱርሚ ስመለስ የሽማግሌው ልጅ፣ አሁን እሱም ጎልማሳ ሆኗል፣ እንዲህ አለኝ፦ «ዶክተር፣ ስለ ውኃው በተነጋገርንበት ስብሰባ ላይ አንድ ሰው የአንተን መጽሐፍ አነበበልን። ብዙ ትውልድ ይላል። ብዙ ማለት ስንት እንደሆነ የሚያውቅ የለም ማለት ነው አሉን። አባቴ ግን ቆጥሮ ነግሮህ ነበር።» የምመልሰው አጣሁ። አባቱ ካረፉ ዓመታት አልፈዋል።

አሮጌውን ማሽን ማስነሣት

ፍሎፒዎቹ በአንድ የብስኩት ቆርቆሮ ውስጥ ተቀምጠው ነበር። የዚያ ዘመን ላፕቶፕ ግን ከሞተ ቆይቷል። መፍትሔው ቨርቹዋል ማሽን ነው። ቨርቹዋል ማሽን ማለት በእውነተኛው ኮምፒውተር ውስጥ በሶፍትዌር የተሠራ ሌላ ኮምፒውተር ነው። የራሱ ሃርድ ዲስክ፣ የራሱ ሜሞሪ፣ የራሱ ፍሎፒ ማስገቢያ ያለው ይመስለዋል፤ ሁሉም ግን በአስተናጋጁ ላይ ያሉ ፋይሎች ናቸው። ሐሳቡ አዲስ አይደለም። የአይቢኤም መሐንዲሶች በማሳቹሴትስ ካምብሪጅ እ.ኤ.አ. በ1967 አንድን ትልቅ ኮምፒውተር ለብዙ ተጠቃሚዎች እንደ ብዙ ኮምፒውተር ያካፈሉት በዚሁ ዘዴ ነበር። ወደ ግል ኮምፒውተር የወረደው እ.ኤ.አ. በ1999 በቪኤምዌር ሲሆን፣ ቨርቹዋልቦክስ የተባለው ደግሞ እ.ኤ.አ. በ2007 ወጣ። በሙያው ቋንቋ አዲሱ ኮምፒውተር «አስተናጋጅ»፣ አሮጌው ሥርዓት «እንግዳ» ይባላሉ። በሐመር ምድር ለዚህ ቃል ማብራሪያ የሚያስፈልግ አይመስለኝም።

ሥራውን ለምትጀምሩ ተማሪዎች ቅደም ተከተሉን ልንገራችሁ። መጀመሪያ የፍሎፒውን የመጻፊያ መከልከያ ቀዳዳ ክፈቱ። ፋይሉን ለመክፈት አትቸኩሉ፤ በዩኤስቢ በሚገናኝ የፍሎፒ ማንበቢያ የዲስኩን ሙሉ ምስል ቅዱ፣ ከዚያ በኋላ የምትሠሩት በቅጂው ላይ ብቻ ይሁን። ከ11ዱ ሁለቱ በከፊል ተበላሽተው ነበር፤ ደጋግሜ በማንበብ አንዱን አዳንሁ።

ሁለተኛ፣ ለእንግዳው የዘመኑን መጠን ስጡት። ዊንዶውስ 98 ከ512 ሜጋባይት በላይ ሜሞሪ ሲሰጡት ይታወካል፤ እኔ 256 ሜጋባይትና 2 ጊጋባይት ዲስክ ሰጠሁት። ዊንዶውስ 95 ደግሞ በፈጣን ፕሮሰሰር ላይ ሲነሣ የሚሰናከልበት የታወቀ ችግር አለው። ብዙ መስጠት እንግዳን የሚጎዳበት ጊዜ እንዳለ ከዚህ ትማራላችሁ።

ሦስተኛ፣ ከኢንተርኔት ለዩት። የዊንዶውስ 98 ድጋፍ የተቋረጠው እ.ኤ.አ. ሐምሌ 2006 ነው፤ ከዚያ ወዲህ የተገኙ ክፍተቶች አልተደፈኑም። ሲስተሙንም በሕጋዊ ፈቃድ ከራሳችሁ ሲዲ ጫኑ።

አራተኛ፣ ውጤቱን በሁለት መልክ አውጡ። አንደኛው የፎንቶቹን ስም ይዞ የሚቆየው አርቲኤፍ ነው። ሁለተኛው ገጹን እንደታየ የሚይዝ ነው፤ ከሲስተሙ ጋር በሚመጣ የፖስትስክሪፕት ማተሚያ ድራይቨር ወደ ፋይል ታተማላችሁ፣ ከዚያ በአስተናጋጁ ላይ ወደ ፒዲኤፍ ትለውጡታላችሁ። ተራ ጽሑፍ አድርጋችሁ ብቻ ካወጣችሁት ፎንቱ ይጠፋል፤ የመጀመሪያው ፎንት ፊደል ከሁለተኛው ጋር ይቀላቀላል፤ ከዚያ ወዲያ መለየት አይቻልም።

በአሥራ ስድስት ቀለማት ብቻ በሚታይ ጠባብ ስክሪን ላይ ፋይሉን ከፈትሁት። «ከዚያ ሰው ወዲህ ፯ ትውልድ አልፏል።» ብዙ ጊዜ አየሁት።

በዚያ አላበቃም። በጽሑፉ ውስጥ ባሉት የሐመርኛ ቃላት ላይ አንዳንዶቹ «ደ» እና «በ» ከሥራቸው ተሰምሮባቸዋል። ለምን እንደሆነ ለማስታወስ ጊዜ ፈጀብኝ። ሐመርኛ ከተራው «ደ» እና «በ» ሌላ፣ አየር ወደ ውስጥ እየተሳበ የሚነገሩ ድምፆች አሉት። የኦሮምኛው «ዸ» በእኔ ፎንት ውስጥ ስላልነበረ፣ መስመር በማስመር ለይቻቸው ነበር። መለወጫው መስመሩን ጣለ። በታተመው ጥናቴ ውስጥ ያሉት የሐመርኛ ቃላት ስለዚህ ሁሉም የአማርኛ ድምፅ ያላቸው ሆነው ይነበባሉ። ፊደሉ ሳይለወጥ ቃሉ ተለወጠ። ይህን በመለወጫ ሠንጠረዥ የሚያገኘው ማንም የለም፤ ገጹን እንደነበረ ማየት ይጠይቃል።

መዛወር ወይስ ማስነሣት

በዓለም አቀፍ የቤተ መዛግብት ሙያ ውስጥ በዚህ ጉዳይ ረጅም ክርክር ተደርጓል። አንደኛው ወገን ሰነዶች በየጊዜው ወደ አዲስ ቅርጽ ይዛወሩ ይላል። ጄፍ ሮተንበርግ የተባሉት የኮምፒውተር ሊቅ በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. የተከራከሩት ለሌላው ወገን ነበር፤ እያንዳንዱ ማዛወር ሰነዱን በጥቂቱ ስለሚያጎድል፣ ዋናው ፋይል ሳይነካ ይቀመጥና የቀድሞው ማሽን በሶፍትዌር ይመሰል አሉ። የእንግሊዙ የዶምዝደይ ፕሮጀክት ለዚህ የታወቀ ምሳሌ ነው። በ1086 የተጻፈው የመሬት መዝገብ 900ኛ ዓመት ሲከበር ቢቢሲ እ.ኤ.አ. በ1986 የአገሪቱን አዲስ መዝገብ በሌዘር ዲስክ አዘጋጀ። ከ16 ዓመት በኋላ የብራናው መጽሐፍ ሲነበብ፣ ዲስኩን የሚያነብ ማሽን ማግኘት አስቸጋሪ ሆነ። የሊድስና የሚቺጋን ዩኒቨርሲቲዎች ተመራማሪዎች ማሽኑን በሶፍትዌር መስለው እንደገና አሳዩት።

እኔ በሁለቱ መካከል አልመርጥም። ለዕለት ንባብ ማዛወር ያስፈልጋል፤ ማንም ተማሪ አንድ ገጽ ለማንበብ ዊንዶውስ 98 ይጫን አይባልም። የተዛወረው ግን ቅጂ ነው። ቅጂ ከዋናው ጋር መመሳከር አለበት፤ ዋናው የሚታየው ደግሞ በራሱ ማሽን ላይ ብቻ ነው። ቨርቹዋል ማሽኑም ዘላለማዊ አይደለም። ትእዛዙን ለአስተናጋጁ ፕሮሰሰር በቀጥታ ስለሚያስተላልፍ የፕሮሰሰሩ ዓይነት ሲለወጥ ይቆማል፤ ያን ጊዜ ፕሮሰሰሩን ራሱን የሚመስል ኢሙሌተር ያስፈልጋል። ስለዚህ አደራው በየትውልዱ የሚታደስ ነው።

በየዞኑና በየወረዳው፣ በየመምህሩ መሳቢያ ውስጥ በእነዚያ ዓመታት የተጻፉ ጥናቶች፣ ቃለ ጉባኤዎችና የሽማግሌ ቃሎች በፍሎፒና በሲዲ ተቀምጠዋል። ጽሕፈት ባልነበራቸው ሕዝቦች ዘንድ እነዚህ አንዳንድ ጊዜ ብቸኛ የጽሑፍ ምስክሮች ናቸው። ተማሪዎቼ፣ የመመረቂያ ጽሑፍ ርእስ ስትፈልጉ በመጀመሪያ መምህሮቻችሁን «ፍሎፒ አለዎት ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ።

የቁጥሩ ትርጉም

የታረመውን ገጽ አትሜ ለሽማግሌው ልጅ አመጣሁለት፤ ይቅርታም ጠየቅሁት። ፯ የሚለውን በጣቴ አሳየሁት። በታሪክ ጥናት አንድን ትውልድ በ25 ወይም በ30 ዓመት እናሰላለን፤ ሰባት ጊዜ 30 ብዬ 210 ዓመት ነው አልሁት። እሱ ዝም ብሎ ቆየና መሬት ላይ ጠጠር መደርደር ጀመረ። የመጨረሻውን ጠጠር ወደ ራሱ አስጠግቶ አስቀመጠ።

«አባቴ ሲቆጥር መጨረሻ ላይ ራሱን ይቆጥር ነበር» አለኝ። «ሰባተኛው እሱ ነው።»

ስለዚህ ከእሳቸው በፊት ያለፉት ስድስት ናቸው፤ ስሌቴ በአንድ ትውልድ ሙሉ ተሳስቷል። ይህን የትኛውም ፎንት፣ የትኛውም ኦፐሬቲንግ ሲስተም ሊነግረኝ አይችልም ነበር። ማሽኑ ምልክቱን መለሰልኝ፤ የምልክቱን አቆጣጠር የመለሰልኝ ልጃቸው ነው። እኔም ሁለቱንም በሚቀጥለው እትም ግርጌ ላይ እጽፋለሁ፤ ስሕተቱንም ጭምር።